የኬላዋ ልጅ በነቀምቴ

ያን መጽሐፍ መጀመሪያ በእጄ የያዝኩት በአሥራ አራት ዓመቴ ነበር። ስድስተኛ ክፍልን ጨርሼ ከትምህርት ቤት ቀርቼ፣ ነቀምቴ ውስጥ ከእናቴ ጋር ቡና ለቀማ የገባሁበት ዓመት ነው። አሁን ያኔ እኔ የነበርኩበት ዕድሜ ላይ የደረሰች የልጅ ልጅ አለችኝ። ባለፈው ሰሞን ከአዲስ አበባ ስትመጣ ያንኑ መጽሐፍ በአዲስ እትም ይዛልኝ መጣችና ጭኔ ላይ አስቀመጠችው። «አያቴ፣ ሁሌ የምታወሪልን ይኸው» አለችኝ። ሽፋኑ ያብረቀርቃል፤ ውፍረቱ ግን የጡብ ያህል ነው።

እውነቱን ለመናገር ደክሞኛል። ሁለት ገጽ ካነበብኩ ዓይኔ ውሃ ያቀርራል፤ ወገቤም ወንበር አይወድም። ቢሆንም ልጅቷ እንዳይከፋት ብዬ ጠዋት ጠዋት ፀሐይ ላይ እየተቀመጥኩ ትንሽ ትንሽ ገፋሁት። መቅድሙ እንደሚለው መጽሐፉ ከተጻፈ መቶ ዓመት ካለፈው ቆይቷል። እንግሊዞቹ ግን አይጥሉትም። አንዴ ያሳጥሩታል፣ አንዴ ሥዕል ያስገቡበታል፣ አንዴ ደግሞ እንደዚህ ከነማብራሪያው ያወፍሩታል። አባቴ ልብስ ሰፊ ስለነበር ነገሩ ይገባኛል። ጥሩ ካፖርት አይጣልም። ውስጡ ወደ ውጭ ተገልብጦ ይሰፋል፤ ለትልቁ ሲያልቅ ተቆርጦ ለትንሹ ይሆናል። ጨርቁ ጥሩ ከሆነ ሦስት ትውልድ ይለብሰዋል።

እኔ ያነበብኩት ለትንሹ የተቆረጠውን ነበር። ለተማሪ ተብሎ ያጠረ፣ ቃሉ የቀለለ፣ በየምዕራፉ መጨረሻ ጥያቄ ያለበት ስስ መጽሐፍ። አሁን ሙሉውን ሳነብ ያኔ ያላየሁት አንድ ምዕራፍ አገኘሁ። የታሪኩ ልጅ ያሳደገቻትን ሴት ትታ ከሄደች በኋላ ሴትዮዋ እንዴት እንደኖረች የሚናገር ነው። ሴትዮዋ በመንገድ የሚያልፈውን ጋሪ ሁሉ እያስቆመች «ልጄን አይታችኋታል?» ትላለች። ጋሪ ነጂዎቹ አላዩዋትም። ግን አዝነውላት «አይተናታል፣ ደህና ናት፣ ወፈር ብላለች» እያሏት ያልፋሉ። ያሳጠረው ሰው ይህን ያወጣው ታሪኩን አያራምድም ብሎ ይሆናል። እውነቱን ነው፣ አያራምድም። እኔ ግን መጽሐፉን ዘግቼ ፀሐዩ ከእግሬ ላይ እስኪሄድ ድረስ ቁጭ አልኩ።

ነገሩ የሆነው በጃንሆይ ዘመን ነው። ቤታችን ከነቀምቴ ገበያ ትንሽ ከፍ ብሎ፣ ከመንገዱ ዳር ነበር። አባቴ ኦቦ ዲሳሳ በረንዳው ላይ ስፌት መኪናውን ዘርግቶ ይውላል። እናቴ አዴ ጫልቱ ከኅዳር እስከ መጋቢት ቡና ለቀማ ትሄዳለች፤ በክረምቱ ጓሮዋን ትቆፍራለች። እኔ ለሁለቱም አንድ ልጅ ነበርኩ። ሰው ይህን እያየ «አንድ ዓይን ያለው በአፈር አይጫወትም» ሲል እናቴ አትወድም፤ «ዓይን አንድም ይበቃል፣ የሚያይ ከሆነ» ትላለች።

ጓሮ ያለችውን ክፍል መምህር ይታየው የሚባል ቀጭን ጎጃሜ ተከራይቶ ነበር። ትልልቆቹን ክፍሎች እንግሊዝኛ ያስተምራል። እናቴ ምግብ ስትልክለት አመስግኖ ይቀበልና፣ አንጮቴ የሆነ ቀን ግን ጎመን የተሰጠው በሬ ይመስል ሰሐኑን ትክ ብሎ ያየዋል። አንጮቴ ማለት እኛ ወለጋዎች ለመስቀልና ለእንግዳ የምንሠራው ከመሬት የሚወጣ ሥር ነው፤ ተቀቅሎ፣ ተወቅጦ፣ በቅቤና በአይብ ይለወሳል። «እትዬ አስቴር» ይለኛል እየቀለደ፣ «ይህ ድንች ነው ወይስ ሃይማኖት?» ትምህርት ማቋረጤ ይቆጨው ነበር። አንድ ቀን ያን ስስ መጽሐፍ ሰጠኝ። ሽፋኑ ላይ ጋሪና ዝናብ አለበት።

«አይገባኝም እኮ» አልኩት።

«ያልገባሽን ዝለይው። እኔም የምዘለው አለኝ።»

ከሥራ መልስ በረንዳው ላይ፣ የአባቴ መኪና እየተንኳኳ፣ መዝገበ ቃላት ጎኔ አድርጌ አነበብኩት። እንግሊዝኛን ከዚያ መጽሐፍ ነው የተማርኩት ብል ማጋነን አይሆንም።

የለቀማው መጋዘን የቆርቆሮ አዳራሽ ነበር። ጠዋት ብርድ፣ ከሰዓት ምድጃ። ሴቶቹ በረድፍ ጆንያ ላይ እንቀመጣለን፤ ፊታችን የፈሰሰው ቡና ክምር አለ። ጥቁሩን፣ ነቀዝ የበላውን፣ ጠጠሩን ለይተን እንጥላለን። አቧራው ጉሮሮ ይይዛል፤ የጆንያው ሽታ ልብስ ላይ ተለጥፎ ቤት ድረስ ይከተላል። ጣት ይሠራል እንጂ አፍ ሥራ የለውም። ስለዚህ ወሬ ይወራል፣ ተረት ይተረታል። ካቦው እንኳ ተረት ሲነሳ ዱላውን ተደግፎ ይቆማል። ታሪኩ በኦሮምኛ ይጀመርና በአማርኛ ይቀጥላል፤ ማንም ልብ አይልም።

እኔም ተራዬ ሲደርስ የመጽሐፉን ታሪክ ጀመርኩላቸው። በእንግሊዝ አገር በአንድ መንገድ ላይ ኬላ አለ። መንገደኛ ከፍሎ ነው የሚያልፈው። ኬላውን የምትጠብቀው ባሏ የሞተባት ሴት ናት። አንድ ዝናባማ ቀን አንድ ጋሪ ሕፃን ልጅ በሯ ላይ ትቶባት ያልፋል።

«ቆይ፣ ኬላ ጠባቂዋ ደግ ናት?» አለች እትዬ የሹ። እትዬ የሹ ከጎጃም የመጣች፣ አፏ የማያርፍ ሴት ናት።

«ደግ ናት።»

«ኬላ ላይ ደግ ሰው ያለው እንግዲህ በመጽሐፍ ነው። እኛን እዚህ መንገዱ ላይ ያለው የአኖ ኬላ እንኳን ሕፃን፣ ዶሮ ይዘን አያሳልፈንም ነበር።»

የልጅቷን የእንግሊዝ ስም ምላሳቸው አልቀበል አላቸውና ሌሊሴ አሏት። ታሪኩንም «የኬላዋ ልጅ» ብለው ሰየሙት። ከዚያ በኋላ በየቀኑ፣ ገና ሳንቀመጥ «እሺ አስቴር፣ ሌሊሴ ምን ሆነች?» ይሉኛል። መጀመሪያ ደስ አለኝ። ቆይቶ ግን እንደ ሸክም ሆነብኝ፤ ደክሞኝ ዝም ስል ይቆጡኛል።

ያጠረ መጽሐፍ ችግሩ እዚህ ላይ ነው። መጽሐፉ «ሴትዮዋ ልጅቷን በደግነት አሳደገቻት» ይልና በአንድ መስመር አሥር ዓመት ይዘላል። የእኛ ሴቶች ግን በአንድ መስመር የሚዘለሉ አልነበሩም። ከፊት ለፊቴ የምትቀመጠው አዴ ሶሬቲ በተለይ አትለቀኝም።

«አሳደገቻት አልሽ። ምን እያበላቻት?»

«አንጮቴ» አልኩ፤ ሌላ አልመጣልኝም።

«በቅቤ?»

«በቅቤ። ትኩስ ሲሆን በእጇ ጠፍጥፋ፣ እፍ እፍ ብላ፣ መጀመሪያ ከንፈሯን አስነክታ ከዚያ ነው የምታጎርሳት።»

«እሰይ። ስትታመምስ?»

«ስትታመም ጀርባዋን በቅባኑግ ታሽላትና ጀርባዋ ላይ አዝላ በቤቱ ውስጥ ትዞራለች። ትልቅ ልጅ ከሆነች በኋላ እንኳ ታዝላታለች።»

እንዲህ እንዲህ እያልኩ መጽሐፉ የዘለለውን ሁሉ ሞላሁት። እናቴ አጠገቤ ነበረች። ታሪኩ ከተጀመረ ወዲህ መሳቅ ትታለች፤ ጣቶቿ ቡናው ውስጥ ናቸው፣ ዓይኗ ግን ቡናውን አያይም። አንድ ጊዜ ጥሩውን ፍሬ ወደ ቆሻሻው ስትጥል ካቦው ተቆጣት። እኔ አሟት መስሎኝ ነበር።

እዚህ ላይ ስለ አገራችን አንድ ነገር ልናገር። በእኛ ዘንድ ፊት ለፊት የማይባለውን ነገር ሰው በተረት ይለዋል። የጎረቤት ፍየል ጎመኗን የበላችባት ሴት ከጎረቤቷ ጋር አትጣላም፤ ውሃ ስትቀዳ ስለ አንዲት ፍየልና ስለ አንድ ቀበሮ ተረት ታወራለች፣ ማታ ፍየሏ ትታሰራለች። ስለዚህ ተረት ሲነገር አድማጭ ሁሉ በልቡ «ይህ ለማን ነው?» ይላል። አዴ ሶሬቲም አንድ ቀን ጠየቀችኝ።

«ይህ የሌሊሴ ነገር ለማን ነው የሚነገረው?»

«ለማንም። መጽሐፍ ነው።»

«ለማንም የሚነገር ተረት ሰምቼ አላውቅም» አለችና ወደ ረድፉ ዞራ ዓይኗን በእያንዳንዱ ሰው ላይ አሳለፈች።

ሌሊሴ አደገች። አንድ ቀን ጠበቃ መጣና «ይህች ሴት እናትሽ አይደለችም፤ የወለዱሽ ባለጸጎች ናቸው» አላት። ይህን የተረኩት በየካቲት፣ አንድ ቀን ከሰዓት ነው፤ ቆርቆሮው ከሙቀት የተነሳ ይጮኻል። «ሌሊሴም ልብሷን በጨርቅ ቋጠረች» አልኩ፣ «ሴትዮዋ ከጓሮ ሳትመለስ፣ ደህና ሁኚ እንኳ ሳትላት ጋሪ ላይ ወጥታ ሄደች።»

እናቴ ተነሳች። ጭኗ ላይ የነበረው ሰፌድ ወድቆ ፍሬው ተበተነ። ማንንም ሳታይ፣ ነጠላዋን እንኳ ሳታነሳ በሩን ወጥታ ሄደች። እትዬ የሹ ቀስ ብላ «ሂጂ፣ እናትሽን ተከተያት» አለችኝ።

ቤት ስደርስ ከአባቴ አጠገብ ቆማ ነበር። ያን ቀን የተባባልነው ሁሉ በኦሮምኛ ነው፤ በአማርኛ ሳስቀምጠው ጥቂት ይቀዘቅዛል።

«ማን ነገረሽ?» አለችኝ።

«ምኑን አዮ?» እናቴን አዮ ነበር የምላት።

«ዲንቄ ናት? ያን ጊዜ አርጆ ስትሄጂ ዲንቄ ነገረችሽ?»

ዲንቄ የአባቴ እህት ናት፣ አርጆ የምትኖር። እኛ የአባት እህትን አዳዳ እንላለን። ባሏ የሞተባት፣ ብዙ ልጆች ያላት፣ አልፎ አልፎ ቅቤ ይዛ የምትመጣ ሴት ነበረች። «አዳዳ ዲንቄ ምን ትነግረኛለች?» አልኩ።

አባቴ «ጫልቱ» አለ፤ እግሩን ከስፌት መኪናው ላይ አነሳ።

«ተወኝ ዲሳሳ። በሰው ሁሉ ፊት ስትነግረኝ ከረመች። አንጮቴውን፣ እፍ ማለቴን፣ ማዘሌን፣ አንዱን አላስቀረችም። ዛሬ ደግሞ ልሄድ ነው አለችኝ።» ወደ እኔ ዞረች። «አዎ፣ አልወለድኩሽም። የወለደችሽ ዲንቄ ናት። ግን አንድ ቀን አስርቤሻለሁ? በጋሪ የምትሄጂው ምን አድርጌሽ ነው?»

ያኔ የተሰማኝን ነገር አሁን አስውቤ ልጽፈው እችላለሁ። ግን የተሰማኝ ድካም ነበር። ከሩቅ መንገድ እንደገባ ሰው የበሩ ደፍ ላይ ተቀመጥኩ። «አዮ፣ መጽሐፍ ነው» አልኳት። «መጽሐፉ ላይ ያለ ነው።»

«አንቺ ዝም በይ። መምህሩ ያንብበው።»

መምህር ይታየው ከጓሮ ተጠራ። ምን እንደተፈጠረ ማንም አልነገረውም። መጽሐፉን ይዞ በርጩማ ላይ ተቀመጠና ወደ አማርኛ እየመለሰ አነበበላት፤ እናቴ አማርኛ እንደ ልቧ ባትናገርም ትሰማ ነበር። ኬላው አለ። ሕፃኗ አለች። ጠበቃው አለ። ጋሪው አለ። እናቴ ስትሰማ ፊቷ ቀስ በቀስ አመድ መሰለ።

«ምን አበላቻት ይላል?» አለችው።

«የምግብ ነገር የለውም አዴ ጫልቱ። ‹በደግነት አሳደገቻት› ይልና ያልፋል።»

«አንጮቴውስ?»

«እንግሊዝ አገር አንጮቴ የለም። ለዚያም ነው ሰዎቹ የሚጽፉት» አለ፤ ሊያስቀን ፈልጎ ነበር።

«እፍ ማለቱስ? ማዘሉስ?»

«እሱም የለም።»

እናቴ ወደ እኔ ዞረች። «ታዲያ ከየት አመጣሽው?»

«ሌላ እናት አላውቅማ» አልኳት።

ሁለት እጇን ጭኗ ላይ አድርጋ «እንግዲያው በገዛ አፌ ነው ያወጣሁት» አለች። መምህሩ ጎንበስ ብሎ መጽሐፉን ይዞ ወጣ።

ያ የተቆረጠው ምዕራፍ ያኔ ቢኖር ኖሮ እላለሁ አሁን። መምህሩ ስለ ጋሪ ነጂዎቹ ቢያነብላት፣ እናቴ ቢያንስ በእንግሊዝ አገር አንዲት ጓደኛ ይኖራት ነበር።

ጉዲፈቻ እኛ ጋ እንደ ዋዛ የሚደረግ ነገር አይደለም። ልጁ ከተሰጠ በኋላ የአሳዳጊው ነው፤ «አልተወለድክም» የሚለው ሰው ነውር ሠርቷል። በእኔ ጉዳይ ደግሞ የአርጆ ሽማግሌዎች አባቴንና እናቴን ያስማሏቸው ጠንከር አድርገው ነበር። ልጅ ያልወለደች ሴት ሲከፋት ልጅቷን «አንቺ እኮ የሰው ነሽ» እንዳትል ፈርተው፣ ነገሩ ከአሳዳጊዎቹ አፍ የወጣ ቀን ዲንቄ ልጇን መልሳ ልትወስድ ትችላለች ብለው ነው ቃል ያስገቧቸው። ዲንቄ ደግሞ በዚያው ዓመት ትልቋን ልጇን ድራ እጅ አጥሯት ነበር። አሥራ አራት ዓመት የሞላት ሴት ልጅ ለእንደዚያ ያለ ቤት ምን ያህል የሥራ እጅ እንደሆነች ሁላችንም እናውቃለን።

እናቴ እንደ መሐላው አርጆ ወስዳ ልትመልሰኝ ቆረጠች፤ አባቴ ለመናት። «ማን ሰማ? እኛው ሦስታችን ነን። አስቴር አታወራም።»

«እኔ ሰምቻለሁ» አለች እናቴ።

«አንቺ ስትሄጂ ልጄን ላጣት ነው።»

«እኔስ የማጣት የማንን ልጅ ነው?»

በሳምንቱ እኔና እሷ የአርጆን መኪና ተሳፈርን። የጭነት መኪና ነበር፤ የጨው ጆንያ ላይ ተቀመጥን። መንገዱ በበጋ ዱቄት ነው፤ ከኋላችን የሚነሳው አቧራ ቅጠሉን ሁሉ አንድ ዓይነት አድርጎታል። ገበሬዎች ቁጥቋጦ እያቃጠሉ ስለነበር ሰማዩ ጭሳማ ነው። ዳገቱ ላይ መኪናው ሲያቃስት ወርደን በእግራችን እንከተለዋለን፤ ሜዳ ሲሆን እንሳፈራለን። እናቴ የጎመን እንፍሌና ቂጣ ይዛ ነበር፤ አብልታኝ እሷ አልቀመሰችም። ሌላ ጊዜ ቢሆን መንገድ ላይ ያገኘችውን ሁሉ ነበር የምታናግረው። ያን ቀን «አካም ጂርቱ»፣ እንዴት ናችሁ፣ ሲሏት እንኳ ራሷን በመነቅነቅ ብቻ ነው የምትመልሰው።

አርጆ ብርድ ነው። አዳዳ ዲንቄ ከበሩ ላይ ስታየን ደነገጠች፤ ጊዜው የዘመድ መጠየቂያ አልነበረምና። ልጆቿ ተሰብስበው አዩኝ። ብዙ ጊዜ ያየኋቸው ልጆች ናቸው፤ ያን ቀን ግን የፊት ጥርሳቸው እንደ እኔው ፍንጭት መሆኑን አስተዋልኩ። ዓይኔን ወዴት እንደማደርገው ጠፋኝ።

አዳዳ ዲንቄ ለምግብ ጉድ ጉድ ስትል እናቴ አልተቀመጠችም። መሐል ቤት ቆማ ተናገረች።

«ዲንቄ፣ ቃሌን አፍርሻለሁ። ማንም አልነገራትም፣ እኔው በገዛ አፌ ነገርኳት። እንደ መሐላችን ይዣት መጥቻለሁ።»

አዳዳ ዲንቄ ምድጃው ላይ ጎንበስ ብላ ነበር። አንጮቴ ጥዳለች፤ ለመጪው ዓመት ብላ መሬት ውስጥ የተወችውን ሳይሆን አይቀርም ለእንግዳ ቆፍራ ያወጣችው። ክዳኑን አነሳች፣ በሹካ ወጋ አደረገችው፣ ከደነችው። ጀርባዋን ብቻ ነበር የማየው። ጀርባዋ አንድ ጊዜ ከፍ ብሎ ወረደ።

«የአርጆ ዳገት አድካሚ ነው» አለች ሳትዞር። «የደከመ ሰው ብዙ ያወራል።»

«ደክሞኝ አይደለም።»

«ደክሞሻል ጫልቱ። ይኸው ቆመሻል እኮ።» ከዚያ ዞረችና ወደ እኔ አየች። ዓይኗ ቀልቷል፤ የጭሱም ሊሆን ይችላል። «አስቴር፣ ምን ትገተሪያለሽ? ለእናትሽ በርጩማ አምጪላት።»

አመጣሁላት። እናቴ ተቀመጠች። አንጮቴው ቀረበ፣ ቅቤው ፈሰሰበት፣ በላን። አዳዳ ዲንቄ ስለ ሙሽራዋ ልጇ አወራች፣ ስለ ዝንጀሮዎቹ በቆሎ መፍጀት አወራች። እኔ አንድ ነገር ልጠይቃት ፈልጌ ስጠጋት «ውሃ አምጪ» ትለኛለች፤ አምጥቼ ስጠጋ «ጥጃውን መልሺ» ትለኛለች። በማግስቱ መኪና መሳፈሪያው ድረስ ሸኘችን። በኮባ ቅጠል የተጠቀለለ ቅቤ ለእናቴ ሰጠቻትና እኔን ግንባሬን ስማ፣ ሌሎቹን የወንድምና የእህት ልጆቿን እንደምትስም አድርጋ፣ ትንሽም ሳታስረዝም፣ ለቀቀችኝ።

በመልሱ መንገድ እናቴ ትከሻዬ ላይ ተኛች። ነቀምቴ ልንደርስ ስንል ነቃችና «ያች ልጅ ግን» አለችኝ፣ «ተመለሰች?»

«መጽሐፉ አይልም።»

«አይልም?»

«ሄደች ይልና ስለ ባለጸጎቹ ቤት ነው የሚያወራው።»

«እንግዲያው ጨርሰው አልጻፉትም» አለችና ነጠላዋን ከአቧራው አራገፈች።

መጋዘን ስንመለስ ሴቶቹ አንድ ነገር እንደሆነ ያውቁ ነበር፤ ምን እንደሆነ ግን አልጠየቁም። አዴ ሶሬቲ ብቻ «እሺ፣ ሌሊሴስ?» አለች። እናቴ እንደ ድሮው አጠገቤ ነበረች።

«ተመለሰች» አልኩ።

እትዬ የሹ ጥቁር ፍሬ በጣቷ እየወረወረች «ይህስ ከመጽሐፉ አይመስልም» አለች። «ግን ይሁን። ምን ይዛ ተመለሰች?»

ያን ቀን እስከ ማምሻ ድረስ ሌሊሴ ይዛ የተመለሰችውን ነገር ስንዘረዝር ዋልን። እናቴም ሁለት ሦስት ነገር ጨመረች።

አሁን ይህን ወፍራም መጽሐፍ ጨርሼዋለሁ። የልጅ ልጄ «የቱ ይሻላል፣ ሙሉው ወይስ ያጠረው?» ብላ ጠየቀችኝ። ደክሞኝ ስለነበር «ሁለቱም ጥሩ ናቸው» ብዬ አለፍኳት። ባይደክመኝ ኖሮ የምላት ይህን ነበር፤ ሙሉው ውስጥ የደራሲው ሰዎች አሉ፣ ሁሉ ነገር ተጽፏል፣ እኔ የምሠራው የለኝም። ያጠረው ግን ቤቱን ሠርቶ ባዶውን ነበር የተወልን፤ እኛ ነን የገባንበት። እነዚያ የቆዩ የእንግሊዝ ታሪኮች ዛሬም በየአገሩ የሚነበቡት ለዚህ ይሆናል እላለሁ። በሄዱበት ሁሉ የአገሬው ሴት ገብታ ምድጃ ታነድባቸዋለች። ይህ የተማረ ሰው ሐሳብ ላይሆን ይችላል። እኔ የማውቀው በደረሰብኝ መጠን ነው።

አዳዳ ዲንቄ ስለዚያ ነገር በሕይወቷ ሙሉ አንድም ቃል አልተናገረችኝም፤ እኔም አልጠየቅኋትም። እናቴ ያረፈችው እኔ ሁለት ልጆች ከወለድኩ በኋላ ነው። መርዶው አርጆ ሲደርስ አዳዳ ዲንቄ መጣች፤ አርጅታ ነበር፣ መኪና ስላጣች የመንገዱን እኩሌታ በእግሯ ነው የመጣችው። ለቅሶ ላይ የማያውቋት ሴቶች የሟች ምን እንደሆነች ጠየቋት። «ባሏ ወንድሜ ነው» አለች። «ይህች የምታለቅሰውስ?» አሏት እኔን እያሳዩ። «የሟች ልጅ ናት፤ ሌላ የላትም» አለች። ለቅሶው እስኪያበቃ ለእንግዳ ውሃ ስታመላልስ፣ ዕቃ ስታጥብ ቆየች። ከዚያ ነጠላዋን አጣፍታ ወደ አርጆ ተመለሰች።